ልጆቻችን የሚጫወቱበት ቤት ቁልፍ በማን እጅ ነው?

በምሥራቅ ጎጃም የጎንቻ ሲሶ እነሴ ወረዳ ዋና ከተማ በሆነችው ጉንደ ወይን፣ እንደ ሌሎቹ የአገራችን ከተሞች ሁሉ፣ ልጅ ያለበት ቤት ውስጥ ‹‹ጌም›› የሚለው ቃል ሳይነሳ የሚውልበት ቀን የለም። ልጁ ከትምህርት ቤት ሲመለስ ቦርሳውን ወርውሮ ወደ ፕሌይስቴሽን ቤት ይሮጣል። ሳንቲም ያጣ እንደሆነ የእናቱን ስልክ ይለምናል። ወላጅ ይቆጣል፤ አያት ያማልዳል፤ በማግስቱ ያው ጭቅጭቅ እንደገና ይጀመራል።

ያለፉት ዓመታት ደግሞ ነገሩን አክብደውታል። በአካባቢያችን ሲመሽ ልጅን ከደጅ ማስወጣት የሚያስፈራበት ጊዜ ብዙ ነበር። ትምህርት በተቋረጠባቸው ቦታዎች ልጆች ቀኑን ሙሉ ቤት ውለዋል። ከሐምሌ 2015 ዓ.ም መጨረሻ ጀምሮ የሞባይል ኢንተርኔት በአማራ ክልል ለወራት ተቋርጦ በቆየበት ወቅት ያለ ኢንተርኔት የማይከፈቱት ጨዋታዎች ሁሉ ቆመው ነበር። ያን ጊዜ ልጆች የሚጫወቱት ሁለት ዓይነት ጨዋታ ብቻ ቀረላቸው። አንደኛው ለብቻ በስልክ የሚጫወቱት ነው፤ አዲስ አበባ የሚገኘው ቅኔ ጌምስ የሠራው፣ ዶሮዋ ላለመያዝ የምትሮጥበት ‹‹ኩኩሉ›› ለዚህ ጥሩ ምሳሌ ነው። ሁለተኛው ብዙ ወላጅ የማያውቀው ነው፤ ጓደኛሞች በአንድ ቤት ዋይፋይ ላይ ተገናኝተው፣ ያለ ኢንተርኔትና ያለ ዳታ፣ በጋራ የሚጫወቱት። የዛሬው ጽሑፌ ስለዚህኛው ነው።

ሰርቨር ማለት ምንድን ነው?

ብዙ ሰው አብሮ የሚጫወተው ጌም ሁሉ አንድ መዝገብ ያዥ ያስፈልገዋል። ማን የት እንደቆመ፣ ማን ምን እንደሠራ፣ ማን እንዳፈረሰ የሚመዘግብና ለሁሉም ተጫዋች በየቅጽበቱ የሚያሳውቅ ኮምፒዩተር አለ። ሰርቨር የሚባለው እርሱ ነው። በአማርኛ ‹‹አስተናጋጅ›› ብንለው አያስኬድም አልልም፤ እንግዳ ተቀብሎ የሚያስቀምጥ፣ ሥርዓት የሚያስይዝ፣ ሲመሽ በሩን የሚዘጋ እርሱ ነውና።

ልጆቻችን እንደ ፍሪ ፋየርና ፐብጂ ያሉትን ሲጫወቱ አስተናጋጁ የኩባንያው ኮምፒዩተር ነው። ልጁ ከማን ጋር እንደሚመደብ ኩባንያው ይወስናል፤ ከማያውቀው ሰው ጋር በድምፅም በጽሑፍም ሊያወራ ይችላል። እኛ ሳሎን ቁጭ ብለን ልጁ አጠገባችን ያለ ቢመስለንም፣ እርሱ ያለው ባለቤቱን በማናውቀው ቤት ውስጥ ነው።

አስተናጋጁ የራሳችን ላፕቶፕ ሲሆን ግን የቤቱ ቁልፍ በእጃችን ይገባል። ማን እንደሚገባ፣ ስንት ሰዓት እንደሚከፈት፣ ምን ዓይነት ንግግር እንደማይፈቀድ የምንወስነው እኛ ነን። ወላጅ ጨዋታውን መቻል የለበትም፤ በሩን ማወቅ ይበቃዋል።

ነገሩ አዲስ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1993 የወጣው ‹‹ዱም›› የተባለ ጨዋታ እስከ አራት ሰዎች ድረስ በአንድ ቢሮ ኔትዎርክ ላይ ያጫውት ነበር። ከዚያ ወዲህ በዓለም ዙሪያ ወጣቶች ኮምፒዩተራቸውን ተሸክመው በአንድ ክፍል እየተሰበሰቡ ሲጫወቱ ኖረዋል። አሁን ለውጡ፣ ለዚያ ይፈለግ የነበረው ዕቃ ዛሬ በብዙ ቤት መሳቢያ ውስጥ መገኘቱ ነው።

ምን ያስፈልጋል?

ሦስት ነገር ይበቃል፦ አንድ የሚሠራ ላፕቶፕ፣ አንድ ዋይፋይ የሚያሰራጭ ነገር፣ የልጆቹ ስልኮች ወይም ኮምፒዩተሮች።

ላፕቶፑ አዲስ መሆን የለበትም። ባትሪው የደከመ፣ ለቢሮ ሥራ የማይሆን አሮጌ ቢሆንም ለአራትና ለአምስት ልጅ ያስተናግዳል። ዋይፋዩ ከራውተር ቢመጣ መልካም ነው። ራውተር ከሌለ የአንድ ትልቅ ሰው ስልክ ሆትስፖት ይከፈታል፤ በብዙ ስልኮች ላይ ዳታው ተዘግቶም ሆትስፖቱ ይሠራል። ልብ በሉ፤ በዚህ መንገድ ሲጫወቱ አንድም ሳንቲም የዳታ ሂሳብ አይቆረጥም። መረጃው ከስልክ ወደ ላፕቶፕ፣ ከላፕቶፕ ወደ ስልክ እዚያው ክፍል ውስጥ ይመላለሳል እንጂ ወደ ቴሌ አይወጣም።

ቀጥሎ የጨዋታው ምርጫ ይመጣል። በዓለም ላይ የታወቀው ማይንክራፍት ነው። ስዊድናዊው ማርከስ ፐርሰን የጀመረው ይህ ጨዋታ ሙሉ ሆኖ የወጣው እ.ኤ.አ. በ2011 ሲሆን፣ በ2014 ማይክሮሶፍት በ2.5 ቢሊዮን ዶላር ገዝቶታል። ልጆች ከአፈርና ከድንጋይ ጡብ ቤት፣ ድልድይ፣ ከተማ የሚገነቡበት ጨዋታ ነው። ለእኛ ግን ሁለት ችግር አለበት። ለኮምፒዩተር የሚሆነው ወደ 30 ዶላር ያወጣል፤ ያውም በውጭ ካርድ የሚከፈል። ሌላው፣ የኮምፒዩተሩ ሰርቨር እንደተለመደው ከተተወ የእያንዳንዱን ተጫዋች ማንነት ከኩባንያው ጋር በኢንተርኔት ያመሳክራል። ኢንተርኔቱ ሲጠፋ ልጁ የገዛ ቤቱ በር ላይ ቆሞ ይቀራል ማለት ነው።

ስለዚህ ለእንደኛ ዓይነቱ አካባቢ የሚሻለው ሉዋንቲ የሚባለው ነው። ፊንላንዳዊው ፔርቱ አሆላ እ.ኤ.አ. በ2010 ‹‹ማይንቴስት›› ብሎ ጀመረው፤ ስሙ በጥቅምት 2024 ወደ ሉዋንቲ ተለወጠ። ነፃ ነው፤ የሚከፈልበት ነገር የለም። በደካማ ኮምፒዩተርና በአንድሮይድ ስልክ ይሠራል፤ እንደ ማይንክራፍት ጡብ እየደረደሩ የሚገነቡበት ነው። ኢንተርኔት በሚገኝበት ቀን አንድ ጊዜ ይወርዳል፤ ከዚያ በኋላ ኢንተርኔት አይጠይቅም። ሲወርድ ግን ከፕሌይስቶር ወይም ከራሱ ከሉዋንቲ ገጽ ይሁን። ከሰው ፍላሽ የተቀዳ ፕሮግራም ቫይረስ ይዞ ሊገባ ይችላል።

አሠራሩ

ሥራውን ልጆቹ ራሳቸው ይሠሩታል፤ እናንተ አጠገባቸው ሁኑ። ቅደም ተከተሉ እንዲህ ነው።

በመጀመሪያ ላፕቶፑ ላይ ሉዋንቲ ይጫናል። ሉዋንቲ ባዶ ቤት እንደ ማለት ስለሆነ፣ ከራሱ ማውጫ ውስጥ አንድ ጨዋታ፣ ለምሳሌ ማይንክሎኒያ የሚባለው፣ ይወርድለታል። ይህ ላፕቶፑ ላይ ብቻ ቢኖር ይበቃል፤ ስልኮቹ ሲገቡ የሚያስፈልጋቸውን ከላፕቶፑ ይቀበላሉ። ቀጥሎ አዲስ ‹‹ወርልድ›› ማለትም የጨዋታ ዓለም ይፈጠርና ስም ይሰጠዋል።

ከዚያ ጨዋታውን በሚያስጀምረው ገጽ ላይ ‹‹ሆስት ሰርቨር›› የሚለው ሳጥን ምልክት ይደረግበታል። ሲከፈት ‹‹አናውንስ ሰርቨር›› የሚል ሌላ ሳጥን ይታያል። ይህኛው ቤታችሁን በኢንተርኔት ለዓለም ሁሉ የሚያስተዋውቅ ስለሆነ ባዶውን ይቀመጥ። የአስተናጋጁ ስምና የይለፍ ቃል ይገባል፤ የይለፍ ቃሉ በወላጅ ማስታወሻ ላይም ይጻፍ። ዊንዶውስ ‹‹ይህን ፕሮግራም ልፍቀድ ወይ?›› ብሎ ሲጠይቅ ለቤት ኔትዎርክ ብቻ ይፈቀድለት።

በመጨረሻ እያንዳንዱ ልጅ ስልኩን ከዚያው ዋይፋይ ጋር ያገናኝና በስልኩ ሉዋንቲ ላይ የላፕቶፑን አድራሻ ይጽፋል። አድራሻው ላፕቶፑ የዋይፋይ ማስተካከያ ውስጥ ይገኛል፤ በቤት ኔትዎርክ አብዛኛውን ጊዜ በ192.168 ይጀምራል። ‹‹ፖርት›› የሚለው ቦታ ላይ 30000 ይጻፋል። አንዱ ልጅ አልገባ ካለው መጀመሪያ የሚታየው ዋይፋዩ ነው፤ ስልኩ ሳይታወቅ ወደ ሌላ ኔትዎርክ ዞሮ ሊሆን ይችላል።

የቤቱ ሥርዓት

ባለፈው ክረምት የልጅ ልጆቼና የጎረቤት ልጆች፣ በጠቅላላው አምስት ሆነው፣ በዚህ መንገድ ሲጫወቱ አይቻለሁ። በሞጣ በኩል ዓባይ ላይ ያለውን ሰባራ ድልድይ እንሥራ ተባባሉ። እኔም ድልድዩ ጎጃምንና በጌምድርን ያገናኝ እንደነበር ነገርኳቸው። ሁለቱ ከወዲህ፣ ሁለቱ ከወዲያ ሆነው ድንጋይ ሲደረድሩ፣ አምስተኛው በመካከል የሚደረገው ቅስት አልገጥም ብሎት ሲጨነቅ ዋለ። በሦስተኛው ቀን ትንሹ ተናዶ ግማሹን አፈረሰው። ጩኸት ሆነ፤ ‹‹ይውጣ! አይግባ!›› ተባለ።

እዚህ ላይ ነው የራስ ሰርቨር ጥቅሙ የታየኝ። የማናውቀው ኩባንያ ሰርቨር ላይ ቢሆን ልጁ ወይ ይሰደባል ወይ ይባረራል፤ በዚያው ያበቃል። እኛ ጋ ግን ልጆቹ ክብ ሠርተው ተቀመጡ፤ ሁለቱም ወገን ተናገረ፤ ያፈረሰው ራሱ ድንጋዩን እንዲመልስ ተፈረደበት። ትልቁ የልጅ ልጄ ደግሞ ማታ ማታ የወርልዱን ፎልደር ፍላሽ ላይ ይገለብጥ ስለነበር ምንም ነገር ለዘለቄታው አልጠፋም። ይህን ልማድ ሁሉም ቤት ይያዘው። መብራት ድንገት ሲጠፋም የሚያድነው እርሱ ነው።

ከመጀመሩ በፊት አራት ነገር ይወሰን። አንደኛ፣ የዋይፋዩ የይለፍ ቃል የቤቱ አጥር ነውና ለሚታወቁ ልጆች ብቻ ይሰጥ፤ ስሙም በወላጅ ይታወቅ። ሁለተኛ፣ ባዶ የይለፍ ቃል የማያስገባው ማስተካከያ ይብራ፤ በአንዱ ስም ሌላው እንዳይገባ ይከለክላል። ሦስተኛ፣ የተጫዋቹ ብዛት ይገደብ፤ አምስት ልጅ ካለ አምስት ይባል። አራተኛ፣ አስተናጋጁ የሚሳደብን ልጅ ከጨዋታው ሳያስወጣ የመጻፍ ፈቃዱን ብቻ ማንሳት እንደሚችል ይወቅ። ‹‹ሻውት›› የሚባለውን ፈቃድ ሲያነሳበት ልጁ መገንባቱን ይቀጥላል፤ መጻፍ ግን አይችልም። ለአንድ ቀን ዝም ማሰኘት ከማባረር ይሻላል።

ዘመድ ከሩቅ መጫወት ሲፈልግ

ጥያቄው መምጣቱ አይቀርም። አክስት አዲስ አበባ ናት፤ አጎት ዋሽንግተን ነው፤ ‹‹እነሱም ይግቡ›› ይባላል። መልካም ነው። የዓለም ጤና ድርጅትም እ.ኤ.አ. በመጋቢት 2020 ኮሮና ሰውን ሲለያይ ‹‹ተራርቀን አብረን እንጫወት›› የሚል መልእክት የነበረውን ዘመቻ ደግፏል።

አደጋው ያለው በአገባቡ ላይ ነው። ብዙ ጊዜ የሚመከረው ራውተሩ ላይ ‹‹ፖርት መክፈት›› ነው። ይህ የግቢውን በር ወደ አውራ ጎዳና ከፍቶ እንደመተው ነው። የሉዋንቲ 30000 እና የማይንክራፍት 25565 የታወቁ ቁጥሮች ስለሆኑ የተከፈተ በር የሚያስሱ ፕሮግራሞች ያገኟቸዋል። በሞባይል ኢንተርኔት ላይ ደግሞ ብዙ ደንበኛ አንድ አድራሻ ስለሚጋራ ቢሞከርም ብዙውን ጊዜ አይሠራም።

የሚሻለው እንደ ቴይልስኬል ወይም ዜሮቲየር ያለ ፕሮግራም ነው። እነዚህ የተጋበዙ መሣሪያዎችን ብቻ በኢንተርኔት ውስጥ በተዘጋ መንገድ ያገናኛሉ። ለቤተሰብ የሚሆነው በነፃ ይገኛል። የአጎትየው ላፕቶፕ ዋሽንግተን ሆኖ እዚሁ ሳሎን ያለ ይመስላል፤ ሌላ ሰው ግን በሩን አያየውም። ሰዓቱንም አስቀድማችሁ ተነጋገሩ። በበጋቸው ወራት ከእኛ በ7 ሰዓት ወደ ኋላ ናቸው፤ ቅዳሜ ማታ እዚህ 12 ሰዓት ሲሆን እነሱ ዘንድ ረፋድ 5 ሰዓት ነው። በዚህ ሰዓት ከተጀመረ የእኛ ልጆች በጊዜ ይተኛሉ።

ጤናን በተመለከተ

በነርስነት በሠራሁባቸው ዓመታት የልጅን ጤና ከእንቅልፉ፣ ከምግቡና ከእንቅስቃሴው ለይቼ አይቼ አላውቅም። ጌምም በዚሁ ይመዘን።

ከ6 እስከ 12 ዓመት ያለ ልጅ በቀን ከ9 እስከ 12 ሰዓት፣ ከ13 እስከ 18 ያለው ከ8 እስከ 10 ሰዓት መተኛት አለበት። ማለዳ 12 ሰዓት የሚነሳ የ10 ዓመት ልጅ ቢዘገይ ማታ 3 ሰዓት ላይ እንቅልፍ ሊወስደው ይገባል። ስለዚህ ሰርቨሩ ቢያንስ 2 ሰዓት ላይ ይዘጋ። እዚህም የራስ ሰርቨር ይጠቅማል፤ ላፕቶፑ ሲዘጋ የሁሉም ጨዋታ ባንድ ላይ ይቆማል፤ ‹‹እነ እገሌ ገና እየተጫወቱ ነው›› የሚል ክርክር አይኖርም። ከመዘጋቱ 10 ደቂቃ በፊት ይነገራቸው፤ የጀመሩትን ሳይጨርሱ ድንገት ማጥፋት ቁጣ ያመጣል።

የዓለም ጤና ድርጅት ከ5 እስከ 17 ዓመት ያሉ ልጆች በቀን በአማካይ ቢያንስ 60 ደቂቃ ሰውነታቸውን የሚያሠራ እንቅስቃሴ እንዲያደርጉ ይመክራል። ኳስ፣ ሱዚ፣ ገመድ ዝላይ፣ ውኃ መቅዳትም ይቆጠራል። ልጅ ደጅ በቀን ብርሃን መዋሉ ሩቅ ማየት መቸገርን ለማዘግየት እንደሚረዳም ይታወቃል። ሲጫወቱ በየ20 ደቂቃው ለ20 ሴኮንድ ያህል 6 ሜትር ርቆ ያለ ነገር ይመልከቱ፤ በመስኮት ውጭ ያለውን ዛፍ ማየት ይበቃል። ከ2 እስከ 4 ዓመት ያሉት ደግሞ በቀን ከ1 ሰዓት በላይ ስክሪን ላይ አይቀመጡ፤ ባነሰ ቁጥር የተሻለ ነው።

የጌም ሱስ እ.ኤ.አ. ከጥር 2022 ጀምሮ በድርጅቱ የበሽታዎች ምደባ ውስጥ ገብቷል። ይህ ማለት ጌም የሚወድ ልጅ ሁሉ ታመመ ማለት አይደለም። ልጁ መጀመርና ማቆም ሲያቅተው፣ ጨዋታው ከትምህርትና ከሌላ ፍላጎቱ ሁሉ ሲበልጥበት፣ ጉዳት እየደረሰበትም ሲቀጥል፣ ይህም ብዙውን ጊዜ ለ12 ወራት ያህል ሲቆይ ነው በሽታ የሚባለው። ከዚያ በፊትም ቢሆን ልጁ ምግብ ከተወ፣ ከጓደኛ ከሸሸ፣ ሌሊት ተደብቆ ከተጫወተ ጤና ጣቢያ ወስዳችሁ አማክሩ። አንዳንዴ ከጌሙ በስተጀርባ ያለው ፍርሃት ወይም ሐዘን ነው፤ በእነዚህ ዓመታት ልጆቻችን ያዩት ጥቂት አይደለም።

አንድ ነገር ልጨምር። የማያውቀው ሰው በጌም ውስጥ ለልጃችሁ ፎቶ ላክ፣ ለእናትህ አትንገር፣ ለብቻችን እናውራ ካለው፣ ልጁን አትቆጡ፤ መልእክቱን አታጥፉ፤ ለፖሊስ አሳዩ። በኮምፒዩተር አማካይነት ለአካለ መጠን ያልደረሱ ልጆችን ለወሲባዊ ድርጊት ማባበል በኮምፒዩተር ወንጀል አዋጅ ቁጥር 958/2008 የተከለከለ ነው። ልጁ ከተቆጣችሁት ሁለተኛ አይነግራችሁም።

ስለ መብራት ሂሳብ

‹‹ላፕቶፑ ቀኑን ሙሉ መብራት ይበላል›› የሚል ስጋት ይሰማል። ሂሳቡ ቀላል ነው። 50 ዋት የሚወስድ ላፕቶፕ ለ2 ሰዓት ቢሠራ 0.1 ኪሎዋት ሰዓት ይሆናል። 3 ኪሎዋት የሚስብ የእንጀራ ምጣድ ይህን ያህል በ2 ደቂቃ ውስጥ ይጨርሳል። ከሂሳቡ ይልቅ ቦታውን ተመልከቱ። ላፕቶፑ አልጋና ፍራሽ ላይ ሳይሆን ጠረጴዛ ላይ ይቀመጥ፤ ሽቦው የተላጠ ማከፋፈያ አይሰካበት፤ የቡና ጀበና አጠገብም አይሁን።

ከየት እንጀምር?

ለመጀመሪያው ሳምንት አንድ ቅዳሜ ከሰዓት፣ ለ1 ሰዓት፣ ከሦስት ልጅ ሳይበልጥ ሞክሩት። የሚገቡትን ልጆች ወላጆች አስቀድማችሁ አነጋግሩ፤ ልጃቸው የት እንዳለና ስንት ሰዓት እንደሚመለስ ይወቁ። የቤቱን ደንብ ልጆቹ ራሳቸው በወረቀት ይጻፉና ላፕቶፑ አጠገብ ይለጥፉት፤ ራሳቸው የጻፉትን ደንብ ቶሎ አይጥሱትም።

አያቶች ደግሞ ‹‹ይህ የልጅ ነገር ነው›› ብላችሁ ወደ ጓዳ አትሂዱ። ወንበር ስባችሁ አጠገባቸው ተቀመጡና ምን እንደሚሠሩ ጠይቋቸው። የድሮውን ቤት በጭቃና በጭድ እንዴት እንደምትሠሩት፣ ጣሪያው እንዴት እንደሚከደን ንገሯቸው፤ እዚያው ዓይናችሁ እያየ ይሠሩታል። መዝጊያ ሰዓቱ ሲደርስ የምታስታውሱትም እናንተ ብትሆኑ ይመረጣል፤ ከወላጅ ትእዛዝ ይልቅ የአያት ልመና የሚሰማበት ቤት ብዙ ነውና።